ቦሎቄው ከሰንበት በፊት

የምንጠብቃቸው የኮሌጅ መምህር ሠረገላ ከወፍጮው አጠገብ ያለውን የእንጨት ድልድይ ሲያንኳኳ በሰማሁ ጊዜ፣ መጥረጊያዬን እንደያዝኩ በጓሮ በር ሮጬ ወጣሁ። መጀመሪያ ያየሁት ግን ሠረገላውን አልነበረም፤ የጎተራውን ግድግዳ ነው። የኮረብታው ጥላ የጎተራውን በር ጉበን ሲነካ አሥር ሰዓት ይሆናል፤ ጣሪያው ሥር ሲደርስ አሥራ አንድ። ጫፉ ላይ ቆሞ የነፋሱን አቅጣጫ የሚጠቁመው የቆርቆሮ አውራ ዶሮ ብቻውን ሲያበራ ቆይቶ እሱም ሲጠፋ፣ ሰንበት ገባ ማለት ነው። እኛ ዘንድ ሰንበት የሚገባው ቅዳሜ ፀሐይ ስትጠልቅ ነው። ከዚያ በኋላ ብዕር አይነሣም፣ መርፌ አይያዝም፣ ከቅዱሱ መጽሐፍ በቀር አይነበብም። እኔ ደግሞ በዚህ ነገር ቀልድ አላውቅም።

ጥላው ጉበኑን አልፎ ነበር። ለምሳ የጠበቅነው ሰው ከአሥር ሰዓት በኋላ መምጣቱ ነው።

ወደ ማድ ቤት ስመለስ የወንድሜ ሚስት ኬዚያ በዝቅተኛዋ በርጩማ ላይ ተቀምጣ፣ የደረቀ ቦሎቄ የሞላ ቅርጫት በጉልበቶቿ መሐል ይዛ፣ በአንድ እግሯ የሕፃኑን አልጋ እየወዘወዘች ትፈለፍላለች። የጨው ሣጥኑ ላይ የግሪክ መጽሐፍ ተደግፎ ቆሟል። ቀና ብላም አላየችኝ።

«ኬዚያ፣ ሰውየው ደርሷል። ያን ነገር አንሺልኝ።»

«የቱን? ቦሎቄውን?»

«ቦሎቄውንም፣ መጽሐፉንም። አንቺም ዛሬ ምግብ ከማብሰል በቀር የምታውቂው ነገር የለም።»

ሳቀች። «ምግቡንም ቢሆን የምታበስይው አንቺ ነሽ እኮ፣ እትዬ ዶርካስ።»

እውነቷን ነው። ሦስት ጊዜ እንጀራ የሚያህል ዳቦ አሳርራ፣ አራተኛውን ምድጃው ውስጥ ረስታ ስታነብ ካገኘኋት ቀን ጀምሮ ዱቄት አላስነካኋትም።

ወንድሜ አሞስ ሎትሮፕ የሃርትዌል ቄስ ነው። ከቦስተን አንድ ቀን የሚያስኬደው ኮሌጅ አንድ ተማሪ ሲባልግበት ጨርሶ አያባርረውም፤ ከጓደኞቹና ከመጠጡ ርቆ ልብ እንዲገዛ ለተወሰኑ ወራት ወደ ገጠር ቄስ ይልከዋል። ቀኑ ሲደርስ ያስተማረው ሰው በወረቀት ላይ ይፈርምለትና ይመለሳል። በአሥራ አንድ ዓመት ውስጥ አሥራ ሦስት እንዲህ ያሉ ልጆች እኛ ቤት ገብተው ወጥተዋል። የተቀበላቸው የወንድሜ ስም ነው፣ የፈረመላቸውም የወንድሜ ስም። ያስተማረቻቸው ግን ኬዚያ ናት። አሞስ በመድረክ ላይ ሲቆም ሰው የሚያስለቅስ ሰባኪ ነው፤ ግሪክኛውን ግን ከወጣትነቱ ጋር ኮሌጅ ጥሎት መጥቷል። እሷ አንድም ቀን ኮሌጅ ደጃፍ አልቆመችም። የመድኃኒት ቀማሚ ልጅ ናት፤ በአባቷ መደርደሪያ ላይ ያገኘችውን ላቲንና ግሪክ አሥራ ሁለት ዓመት ሳይሞላት እንደ ውሃ ጠጥታዋለች።

አሥራ አራተኛው ልጅ ኤቤን ሳልተር ነው። የመርከብ ባለቤት ልጅ፣ ቁመቱ ከበር የማይገባ። በ1819 ክረምት የኮሌጁን ደወል ምላስ ነቅሎ ጉድጓድ ውስጥ ጥሎ፣ ሁለት መቶ ሰው የጠዋት ጸሎት ሳይሰማ ተኝቶ እንዲያረፍድ አደረገ። እኛ ጋ ሲመጣ አንድ መስመር ግሪክ ሳያዛጋ መጨረስ አይችልም ነበር። ኬዚያ መጽሐፉን ከመስጠቷ በፊት የወተት መናጫውን ሰጠችው። በእኛ ቤት እጁን አጣጥፎ የሚቀመጥ ሰው የለም፣ ያገረ ገዢም ልጅ ቢሆን። እሱ ይንጣል፣ ክር ይጠቀልላል፣ ቦሎቄ ይፈለፍላል፤ አፉ ያነባል። እሷ አንዳንዴ ከጎኑ፣ አንዳንዴ ከግድግዳው ወዲያ ሕፃን እያስተኛች ትሰማዋለች። ሲሳሳት ግድግዳውን አልፎ የሚመጣ ድምፅ ነበር የሚያርመው።

እንግዲህ በዚያ መከር አንድ ወሬ ኮሌጁ ደረሰ። «በሎትሮፕ ቤት ልጆቹ ከሴቶቹ ጋር ማድ ቤት ነው የሚውሉት» የሚል። ደብዳቤ መጣ፤ በዚህ ጊዜ አንድ መምህር በአካል ተገኝተው ልጁን ይፈትናሉ፣ የአስተማሪውንም ማንነት ያያሉ ይላል። ኤቤን ከወደቀ እሱም አይመለስም፣ ከእንግዲህም ወደ ሃርትዌል የሚላክ ልጅ አይኖርም። ለሌላው ሰው ይህ ቀላል ነገር ነው። ለኬዚያ ግን እነዚያ ልጆች በሃያ ማይል ዙሪያ አብረዋት የሚያነቡ ብቸኛ ሰዎች ነበሩ። አንዱ ሄዶ ሌላው እስኪመጣ ባለው ጊዜ አይቻታለሁ። ለዶሮዎቹ እህል እየበተነች በግሪክኛ ታወራቸዋለች። ይህ አንጀቴን ይበላው ነበር።

ስለዚህ አንድ ዘዴ ዘየድኩ። የፊቱን የእንግዳ ክፍል ከፈትኩ። ያ ክፍል ለሬሳና ለእንግዳ ቄስ ብቻ ነው የሚከፈተው፤ መጨረሻ የተከፈተው ከሁለት ክረምት በፊት የእናታችን ሣጥን ያረፈበት ጊዜ ነው። አቧራውን ጠረግሁ፣ ጀርባቸው ቀጥ ያሉትን ወንበሮች ደረደርኩ። ኤቤንን አንገቱን የሚያንቅ አንገትጌ አስሬለት አንዱ ላይ ጎለትኩት፤ እጅህን ጉልበትህ ላይ አድርግ፣ አትነቃነቅ አልኩት። አሞስን በባለመደገፊያው ወንበር ላይ አስቀምጬ መጽሐፍ አስያዝኩት። ኬዚያን ከማድ ቤቱ ንቅንቅ እንዳትል አልኳት። በራሴ ብልጠት ተኩራርቼ ነበር፣ አልዋሽም።

መምህር ትሬድዌል ኮታቸው ላይ ጭቃ ተረጭቶ፣ አፍንጫቸው በጉንፋን ቀልቶ ገቡ። ሃምሳ የሚሆናቸው፣ ቀጭን፣ ነገር የማያስረዝሙ ሰው ናቸው።

«የሠረገላዬ መንኮራኩር ተሰብሮ ግማሽ ቀን መንገድ ላይ ቆምኩ። ይቅርታ አድርጉልኝ። ጊዜ የለንም» አሉ ገና ባርኔጣቸውን ሳያወልቁ። «ነገ ሰንበት እንዳለቀ ሌሊቱን ሙሉ ተጓዥ ነኝ። ሰኞ ጠዋት የተመላሾቹ ዝርዝር ይዘጋል። ዛሬ፣ ፀሐይ ሳትጠልቅ የተፈረመ ወረቀት ኪሴ ካልገባ፣ ይህ ልጅ የለም ማለት ነው።»

«ትንሽ የፖም ጠጅ…» አለ ወንድሜ።

«በኋላ፣ ቄስ ሎትሮፕ። በኋላ።»

መጽሐፋቸውን ከኪሳቸው አውጥተው ገለጡና ለኤቤን ሰጡት። ማዕበል ስለመታው መርከብ የሚናገር ግጥም ነው። እኔ ግሪክኛ አላውቅም፤ ግን ይህን ቦታ ያንን በጋ ሙሉ ስሰማው ስለከረምኩ መጀመሪያውን ቃል ሲል አወቅሁት። ደስ አለኝ። ይህንንማ ኤቤን ተኝቶም ይለዋል ብዬ በሩን ገርበብ አድርጌ ወጣሁ፤ ወጥቼም በክፍተቱ አየሁ።

ኤቤን ሁለተኛውን ቃል አለ። ሦስተኛው ላይ ቆመ። ግንባሩን ላብ አጠመቀው። እንደገና ከመጀመሪያው ጀመረ፤ እንደገና እዚያው ቆመ። የወንድሜ ወንበር ሲንቋቋ ይሰማል።

«ቀጥል» አሉ መምህሩ።

ዝም።

«ሌላ ገጽ እንሞክር።» ገለጡ። ኤቤን አየው፤ አፉን ከፈተ፤ ዘጋው። ስምንት ወር ሙሉ አፉ አልዘጋ ያለው ልጅ።

መምህሩ መነጽራቸውን አወለቁ። «የደወላችንን ምላስ የነቀለው ልጅ ይኸው የራሱንም ጥሎታል» አሉ፤ ወደ ወንድሜም ዞሩ። «ቄስ ሎትሮፕ፣ ስምንት ወር ምን ሲሠራ ነው የከረመው?»

አሞስ የያዘውን መጽሐፍ ገለጠ፣ መልሶ ዘጋው። ወደ ማድ ቤት ስሮጥ ኬዚያ ግድግዳው ሥር ቆማለች፤ ሕፃኑ ትከሻዋ ላይ ነው፤ ከንፈሯ ያንን መስመር ያለ ድምፅ ይላል። ፊቷ ነጭ ነው።

«ያውቀዋል» አለችኝ በሹክሹክታ። «ዶርካስ፣ ትናንት እኮ ከኔ በላይ አሳምሮ ነው ያነበበው። ምን ነካው?»

«እኔ ምን አውቃለሁ፣ ድዳ ሆኗል።»

«እንደው ልግባና…»

«ከገባሽማ ያኔ አለቀ። እዚሁ ቁሚ።»

ተመልሼ በክፍተቱ አየሁ። ጥላው ጣሪያው ሥር ደርሷል፣ በመስኮቱ ይታየኛል። ኤቤን አንገቱን ደፍቷል። እጆቹ እኔ እንዳዘዝኩት ጉልበቱ ላይ ናቸው። የቀኝ አውራ ጣቱ ግን ይንቀሳቀሳል። ጥፍሩን አየር ላይ ይሰካል፣ ወደ ታች ይሰነጥቃል፣ ይጠርጋል። ይሰካል፣ ይሰነጥቃል፣ ይጠርጋል። የሌለ ቦሎቄ ይፈለፍላል።

ያኔ ጥፋቱ የኔ መሆኑ ገባኝ። ይህ ልጅ አንድ ቃል እንኳ እጁ ባዶ ሆኖ አልተማረም። እኔ አስከሬን ከሚቀመጥበት ክፍል ውስጥ እንደ አስከሬን አስቀመጥኩትና አፉን ዘጋሁት።

ቅርጫቱን ከተሸሸገበት አወጣሁ፣ ባዶ ሣህን ጨመርኩ፣ በሩን በጭኔ ገፍቼ ገባሁ። ማንንም ሳላይ ቅርጫቱን ኤቤን ጉልበት ላይ አሳረፍኩት።

«ምንድን ነው ይሄ?» አሉ መምህሩ።

«ቦሎቄ ነዋ፣ መምህር። ሰንበት ሳይገባ ተፈልፍሎ ማለቅ አለበት። በቤታችን ጎረምሳ እያለ እኔ አሮጊቷ አልፈለፍልም።»

ሊቆጡ አፋቸውን ከፈቱ፤ ግን እሳቸውም የዚሁ አገር ሰው ናቸው። ከሰንበት በፊት ይለቅ በተባለ ሥራ ላይ የሚከራከር ሰው እዚህ አልተወለደም። መልሰው ዘጉት።

ኤቤን የመጀመሪያውን ፍሬ ሰነጠቀ። ቦሎቄዎቹ ሣህኑ ላይ ጠብ ጠብ አሉ። ሁለተኛውን ሰነጠቀ። ትከሻው ወረደ። ከዚያ፣ ማንም ቀጥል ሳይለው፣ ዓይኑን ወደ መጽሐፉ ጣል አድርጎ ጀመረ። ሦስተኛውን ቃል አለፈው። መስመሩን አለፈው። ማዕበሉ መጣ፣ ሸራው ተቀደደ፣ መርከበኞቹ ጮኹ፤ በግሪክኛ ካለ በኋላ በራሳችን ቋንቋ ይደግመዋል፣ እንደገና ወደ ግሪክኛው ይመለሳል። መምህሩ ገጽ ገለጡበት፤ አነበበ። ሌላ ገለጡበት፤ አነበበ። በመጨረሻ መጽሐፉን ራሳቸው ይዘው ወንበራቸውን ወደሱ አስጠጉ። እኔ ጥግ ይዤ ቆሜ ራሴ ያስተማርኩት ያህል ኮራሁ።

ከዚያ ኤቤን አንድ ቦታ ላይ ተጠራጠረ። አልፈራም፣ ቤቱ ነው ያለው፣ እጁም ሥራ ላይ ነው። እንደ ሁልጊዜው ራሱን ወደ ግድግዳው ዘንበል አድርጎ ድምፁን ከፍ አደረገ።

«ወይዘሮ ኬዚያ፣ እዚህ ጋ የተበጠሰው የመልሕቁ ገመድ ነው የሸራው?»

ከግድግዳው ወዲያ፣ እንደ ሁልጊዜው፣ መልሱ መጣ። «የሸራው። ነፋሱን ሲራገም አላየህም እንዴ? ሦስት መስመር ተመለስና አንብበው።»

የሕፃኑ አልጋ መወዝወዙ ቆመ። ኤቤን በእጁ የያዘውን ፍሬ ጣለው። ወንድሜ ዓይኑን ጨፈነ።

«ማን ናት?» አሉ መምህር ትሬድዌል።

በሩ ተከፈተና ኬዚያ ሕፃኑን ወገቧ ላይ እንደያዘች ገባች። ሽርጧ ላይ የቦሎቄ ገለባ ተለጥፏል።

«ኬዚያ ሎትሮፕ ነኝ። ልጁን ያስተማርኩት እኔ ነኝ» አለች። «ጥፋት ካለ በኔ ይሁን። ያነበበውን ግን ሰምተዋል፤ ያንን አልሰማሁም ሊሉ አይችሉም።»

«ይህን ልጅ ብቻ?» አሉ መምህሩ።

«አሥራ አራት ናቸው።»

መምህሩ ከእሷ ወደ ኤቤን፣ ከኤቤን ወደ ጣቶቹ አዩ። «ከዚህ ቤት የመጣ ልጅ ሲያነብ አውራ ጣቱን እንዲህ ያደርጋል» አሉ ቀስ ብለው፣ አየሩን በጥፍራቸው እየሰነጠቁ። «ሁሉም። በግሪክኛ የሚደርስባቸው የለም፣ ጣታቸው ግን አርፎ አይቀመጥም። እኛ የገጠር ብርድ የሠራባቸው በሽታ መስሎን ሐኪም ያሳየነው ልጅ አለ።»

ኤቤን ሳቁን በጭንቅ ያዘ። እኔ አልያዝኩትም።

መምህሩ ግን አልሳቁም። መጽሐፉን ወደ መጨረሻው ገለጡና አንድ ቦታ ላይ ጣታቸውን አኑረው ለኬዚያ ዘረጉላት። «እዚህ ጋ ሽማግሌው ልጁን ሲሸኝ ይናገራል። ሃያ ዓመት ሙሉ ዓይኔን ጨፍኜ ነው ከተማሪዎቼ ጋር የማልፈው። ለቅሶው ከሚቀጥለው ጋር አይገጥምም።»

ኬዚያ ሕፃኑን ለኔ አቀበለችኝ። መጽሐፉን አልተቀበለችም፤ ጎንበስ ብላ ብቻ አየችው።

«እያለቀሰ እኮ አይደለም። እየቀለደ ነው» አለች። «ልጁ እንዳይፈራ ብሎ ይቀልድበታል። አባቶች ሲሸኙ እንዲህ አይደሉም? እንደ ቀልድ ያንብቡት።»

አነበቡት። መጀመሪያ ለራሳቸው፣ ቀጥለው ድምፅ አውጥተው። መሐል ላይ ሲደርሱ ፊታቸው ተፈታ፤ ሳል የመሰለ ሳቅ ከደረታቸው ወጣ፤ ከዚያ ዓይናቸው እንባ አቀረረ። መሀረባቸውን አውጥተው በጉንፋኑ አመካኙ።

«ቀኑ ሄደ» አልኩ ከመስኮቱ። ጥላው ጣሪያውን እየበላው ነበር።

መምህሩ ወረቀቱን ጠረጴዛው ላይ ዘርግተው ብዕሩን ቀለም ነክተው ለወንድሜ ሰጡት። አሞስ ብዕሩን ይዞ ወረቀቱን አነበበው፣ አሥራ ሦስት ጊዜ ያላነበበው ይመስል።

«"ያስተማረው ይፈርም" ነው የሚለው» አለ። «እኔ በመድረክ ላይ ውሸት ኃጢአት ነው እላለሁ፣ ወርጄ ደግሞ እዚህ እፈርማለሁ። ደንቡ ነው፣ ቄስ ነኝ፣ ምን ችግር አለው እያልኩ። ይህን አልፈርምም። ነይ፣ ኬዚያ።»

«የቄስ ስም ከሌለበት አንቀበልም ይላሉ፣ አሞስ። ልጁን አስብ» አለች።

ሁላችንም ወደ መምህሩ አየን።

«ወረቀቱን ሲያዩ ይጮኻሉ» አሉ መምህር ትሬድዌል። «በደንብ ነው የሚጮኹት። ልጁ ብቁ ነው አይደለም የሚለውን ግን እኔ ነኝ የምወስነው፤ ወስኛለሁ። ስሙ ሰኞ ይጠራል። የቀረውን እኔ ቆሜ እሰማላቸዋለሁ።»

«እትዬ ዶርካስ፣ ፀሐይዋስ?» አለ ኤቤን።

«ዶሮው ብቻ ቀርቷል። ፍጠኑ።»

ኬዚያ እጇን በሽርጧ ጠረገች። ወንድሜ የተነሣላት ወንበር ላይ ተቀመጠችና ስሟን ጻፈች፤ የሱ ሚስት ወይም የአባቷ ልጅ ብላ ሳይሆን ኬዚያ ሎትሮፕ ብላ፣ ቀጥ ባለ ትልልቅ ፊደል። ከእጇ የቦሎቄ አቧራ የወረቀቱ ጠርዝ ላይ አረፈ፤ መምህሩ ሊያራግፉት አልሞከሩም። ብዕሩን ስታስቀምጥ የቆርቆሮው ዶሮ ጠፋ። ያቺን ጽሑፍ እስከ ዛሬ ዓይኔ ላይ አያታለሁ። በዚያ ክፍል ውስጥ ከእኔ በላይ የኮራ ሰው ነበር ቢሉኝ አላምንም።

ሰንበት ገባ። ማድ ቤት ተሰብስበን ከጠዋት ጀምሮ ምድጃ ውስጥ የበሰለውን ቦሎቄ ከጥቁር ዳቦ ጋር በላን፤ መምህሩ ሁለት ጊዜ አስጨመሩ። ለመጪው ክረምት ሁለት አስቸጋሪ ልጆች እንዳሉና አንደኛው ሰነፍ መሆኑን ነገሩን። ኤቤን የወተት መናጫውን ነገር ነግሯቸው ነበርና «መናጫውን አሳጥቡለት» አሉ። በኬዚያ ፊት ላይ ለዶሮዎቹ ማውራት ማብቃቱን አየሁ።

ከራት በኋላ እንደ ደንባችን ጸሎት እስኪጀመር ዝም ብለን ተቀመጥን። ያልተፈለፈለው ግማሽ ቅርጫት ጥግ ላይ ቀርቷል፤ እስከ ነገ ማታ አይነካም። እሳቱ ይሰማል። የሁላችንም እጅ ባዶ ነው። እኔ እጄን ሽርጤ ሥር አድርጌ እሳቱን እያየሁ ያ መርከብ መጣብኝ። ነፋሱ፣ የተበጠሰው ገመድ፣ የመርከበኞቹ ጩኸት። እስቲ ከዚያ ቀጥሎ ምን ነበር እያልኩ ሳስብ፣ ቀጣዩ መስመር ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው፣ በግሪክኛ፣ ጮክ ብሎ ከገዛ አፌ ወጣ። በሰንበት። ከኔ፣ ከዶርካስ ሎትሮፕ።

ሁሉም ዞረው አዩኝ። ወንድሜ መጽሐፉን እንደገለጠ ቀረ። ወደ ታች ባይ፣ ሽርጤ ሥር አውራ ጣቴ ትንቀሳቀሳለች።

ኬዚያ አየችኝ፤ ከዚያ ወደ መምህሩ ዞረች።

«አሥራ አምስት» አለች።